ዓመተ ምሕረቱን ያስከበረው ሰው

«ዘሃራዬ፣ ሙቀቱ ዛሬ ጋብ አለ አይደል? ባሮ ወንዝም ጢም ብሎ ሞልቷል አሉ። ዓሣው ደግሞ እንዴት ሰባ! ትናንት አንዱን ይዤ ብገባ ጎረቤቱ ሁሉ በላበት…»

አልማዜ ይህን ያለችው የጽሕፈት መኪናዋን እየከደነች ነው። የሥራ ባልደረባዋ ዘሃራ ከፊቷ ተቀምጣለች። የክፍሉ ኃላፊ ደግሞ ከኋላዋ፣ በቢሮው ብቸኛ ኮምፒዩተር ፊት። አልማዜ ወደ እሱ ዞር አላለችም፤ ድምፅዋንም ዝቅ አላደረገችም፤ ለምን ብላ! ሰሞኑን ኮምፒዩተሩ ላይ ተቆልፎ የነበረውን ፕሮግራም ከአዲስ አበባ የመጣ ባለሙያ ትናንት ከፍቶት ሄዷል። በዚያ ጥፋት ተከስሳ ከቢሮው ወጥታ ኢታንግ ከተማ መጋዘን የተጣለችውን ባልደረባቸውን ኛባንግን ግን ተመለሺ ያላት የለም። ይህ አንጀቷን አሳርሮታል።

«እንዲያው የተማረ ሰው ያለበት ቢሮ ደስ ይላል እኮ! እኛ ታይፒስቶች ምን እናውቃለን? ያ የመድኃኒት ማከፋፈያ ፕሮግራም ከነዘበኛው ነው አሉ የመጣው። ላይብረሪ የሚሉት አንድ ትንሽ ፋይል። ፕሮግራሙ ሲነሳ እሱ ቀድሞ ፈቃዱን ያያል፤ ጊዜው ደርሷል ወይ፣ አላለፈም ወይ ይላል። ከዚያ አንቺ እይ፣ አንቺ ጻፊ፣ አንተ አትም እያለ ለሁሉም እንደ ድርሻው ይከፍታል። ፈቃዱ ካልጣመው ግን ለማንም አይከፍትም፤ ለኃላፊም! አይ ድፍረት… ሰው አያይ፣ ወንበር አያይ!

እና አንድ አገር ወዳድ ሰው… ማን እንደሆነ እኔ ምን አውቄ… ከእንቁጣጣሽ በዓል ሲመለስ ኮምፒዩተሩን ቢያየው በፈረንጅ ይቆጥራል። 1997 ይላል። አያናድድም? ክልል ሆነን፣ የራሳችን ቢሮ ኖሮን፣ በሰው ዓመት እንኑር? ቁጭ ብሎ 1990 አደረገልን! እሰይ፣ የእናቱ ልጅ! ያ ዘበኛ ፋይል ግን ክብር የት ያውቃል? ‹ፈቃዱ ሊጀምር ገና ሰባት ዓመት ይቀረዋል› ብሎ ጥርቅም! ማየቱም፣ መጻፉም፣ ማተሙም ተዘጋ። የወባ መድኃኒት የሚጭነው መኪና ማዘዣ አጥቶ ግቢ ውስጥ ተገተረ።

ታዲያ ማን ይጠየቅ? ኛባንግ ናታ! ማሽኑ አጠገብ ተገኝታ የለ? ‹ፋይሉን አጥፍታው ነው› ተባለ። እሷ ስትደነግጥ አማርኛው ይጠፋባታል፣ ታውቂያት የለ፤ አፏ ተሳሰረ። ያ ሰው ግን፣ እግዜር ይባርከው፣ አማርኛው ማር ነው፤ ጥፋቷን ሲያስረዳ አንድም ቦታ አልተደናቀፈም። ፋይሉ እዚያው ቁጭ ብሎ ሥራውን ይሠራል… እሷ አጥፊ ሆና ትሄዳለች።»

ከኋላ ጉሮሮ ሲጠረግ ተሰማ። አልማዜ ደስ አላት።

«ትናንት የአዲስ አበባው ልጅ ዓመቱን ሲመልሰው ሁሉም ተከፈተ። ‹ማነው የቀየረው?› ሲል የዚያን ሰው ትሕትና አየሽልኝ? አንገቱን ደፋ እኮ! ሌላው ቢሆን ‹እኔ ነኝ› ብሎ ይንጠባረር ነበር። እንዲህ ያለ ጭምት ከየት ይገኛል? የሠራውን ሁሉ ለዚያች ምስኪን ትቶላት ዝም። እናቷ ገበያ አግኝታኝ ‹ልጄ የመንግሥት ዕቃ ሰበረች?› አለችኝ። ምን ልበላት? ‹ኧረ አልሰበረችም፤ አንድ ቃል የሚናገርላት ሰው እየጠበቅን ነው› አልኳት። አንድ ቃል… ያን የመሰለ አማርኛ ያለው ሰው መቼም አንድ ቃል አያጣም።»

የኮምፒዩተሩ ቁልፎች ድምፅ ቀጥ አለ። ዘሃራ አቀረቀረች። አልማዜ ጃንጥላዋን አንስታ ብድግ አለች፤ አሁንም ወደ ኋላ አላየችም።

«በይ ልሂድ፣ ዝናቡ ሳይቀድመኝ። የዚያ ደግ ሰው ልጅ ዘንድሮ ተመርቃ ሥራ ልትገባ ነው የሚሉት እውነት ነው? እንዴት ያለች ጨዋ፣ አፍ የሌላት ልጅ መሰለችሽ! እግዚአብሔር ያሳድጋት። እንጀራዋን ያብዛላት። በሄደችበት ቢሮም… አለቃዋ ልክ እንደ አባቷ ያለ ሰው ይሁንላት።

ኧረ አሜን በሉ፤ ምነው ዝም አላችሁ?»