የተቀያየሩት የካንዴላ ገመዶች

ይህን ነገር እስከ ዛሬ ለአባዬ አልነገርኩትም። እህቴ መሠረት ደካ የሚባል ቦታ አስተማሪ ሆና ተመድባ ነበር፤ የዚያን ቀን ሪፖርት ካላደረገች ቦታው ለሌላ ሰው ሊሰጥ ነው። የአባዬ አሮጌ መኪና ግን ጠዋት አልነሳ አለ። አባዬ ለሞተሩ እሳት የሚያደርሱትን አራቱንም የካንዴላ ገመዶች በአንዴ ነቀለና ካንዴላዎቹን ፈትቶ በብርጭቆ ወረቀት ፈገፈጋቸው። ከጫካው የወረደው ጉም ግቢያችንን ሞልቶት ስለነበር እጆቹ ብቻቸውን የሚንሳፈፉ ይመስሉ ነበር። እያንዳንዱ ገመድ የራሱ ቦታ አለው፤ መልሶ ሲሰካ ግን ሁለተኛውንና ሦስተኛውን አቀያየራቸው። አየሁ፤ ሆን ብዬ ዝም አልኩ። መኪናው ካልተነሳ እህቴ አትሄድም።

ሞተሩ ተንቀጠቀጠ፣ አስነጠሰ፣ ጠፋ። ጎረቤታችን ጋሽ አስራት ከአጥሩ በላይ ብቅ ብለው «ይሄ መኪና ጉንፋን ይዞታል፤ ዝንጅብል አጠጣው» አሉ። አባዬ አልሳቀም። ዞር ስል መሠረት ሻንጣዋ ላይ ተቀምጣ፣ ለዚህ ቀን ያሰፋችውን ቀሚስ ጭቃ እንዳይነካው ሰብስባ ይዛ፣ ሰዓቷን ታያለች። ጉሙ ውስጥ ትንሽ ልጅ መሰለችኝ።

«አባዬ፣ እነዚህ ሁለቱ ተቀያይረዋል» አልኩ። ድምፄ ለራሴም በቅጡ አልተሰማኝም።

«ምን አልሽ?»

በጣቴ አሳየሁት። ቦታቸውን አስተካክሎ ሲያስነሳው ሞተሩ ወጥ በሆነ ድምፅ ማጉረምረም ጀመረ።

«አየሽ መሲ» አለ አባዬ እየሳቀ፣ «ይቺ ዓይን አፋር ባትናገር ዛሬ ቀርተሽ ነበር።»

መሠረት አቅፋ ሳመችኝ። መኪናው ጉሙ ውስጥ ከገባ በኋላም ድምፁን ለረጅም ጊዜ አዳመጥኩ፤ አንዴም እንኳ አልተቆራረጠም።