ከሰንጋው የቀደመ ገመድ

ከዚህ በታች የተጻፈው ከጫፍ እስከ ጫፍ እውነት ነው። አንዲት ነገር ከራሴ የጨመርኩ እንደሆነ ቁልቁለት ላይ ፍሬን ይንሳኝ። የማያምን ሰው ካለ ቃሊቲ መናኸሪያ ሄዶ «የጨው ተክሌ» ብሎ ይጠይቅ፤ ከጎሚስታው እስከ ጥበቃው ድረስ የማያውቀው የለም።

ይህ ሲሆን ጋሽ ተክሌ ሃምሳ ሁለት ዓመቱ ነበር። ከዚህ ውስጥ ሃያ ስምንቱን በከባድ መኪና ከጅቡቲ ቃሊቲ ሲመላለስ ኖሯል። «የጨው» ያሰኘው አንድ ወሬ ነው፤ ያን ወሬ ያላወራበት ሰርግም ለቅሶም የለም። አንድ ነጋዴ ከአፍዴራ ጨው አስጫነው ይላል። ቃሊቲ ሲደርስ ነጋዴው «ዋጋው ወርዷል» ብሎ ወደ ጅማ ሰደደው። ጅማም ወርዷል ተባለና ወደ ነቀምት፣ ከነቀምት ደግሞ ወደ ደሴ። ጨው ሳይራገፍ ሁለት ወር ዞረ። የጨው ሽታ የሳባቸው አርባ ላሞች ተሳቢውን እየላሱ ተከተሉት፤ ኮምቦልቻ ሲደርስ ሃምሳ ሁለት ሆነው ነበር፣ መንገድ ላይ ወልደው። በመጨረሻ የናፍጣው ሒሳብ ከጨው ዋጋ በለጠ። ነጋዴው ጨውን ለማደያው አስረክቦ በእግሩ ወደ ቤቱ ሄደ። ጋሽ ተክሌ እዚህ ሲደርስ ጭኑን እየመታ ይስቃል። «ጨው የነገደ መስሎት ናፍጣ ሲነግድ ከረመ፣ ሞኝ።»

ይህን ሞኝ ነጋዴ አደራ፣ በኋላ ይፈለጋል።

በ2011 ዓ.ም. ጥር ወር፣ አንድ ቅዳሜ ከሰዓት በኋላ፣ ጋሽ ተክሌ አዲስ ገመድ ትከሻው ላይ ጠምጥሞ ከቃሊቲ ወደ ኮዬ ፈጬ በሚሄደው ሚኒባስ ተሳፈረ። ክፍት ሆና ያገኛት ወንበር ከሶሊያና ጎን ነበረች። ሶሊያና እሱ በሚኖርበት ብሎክ ሁለተኛ ፎቅ ላይ ከእናቷ ጋር የምትኖር፣ ንግድ ሥራ ተምራ አንድ ባንክ ብድር ክፍል ውስጥ የምትሠራ ልጅ ናት። መኪናው ጥቂት እንደሄደ አንድ ተሳቢ ጎማው ፈንድቶ መንገዱን አግድሞ ስለተኛበት ቆመ። ቀጥሎ የመጣው ሁሉ የመጣው ከዚህ መዘጋጋት ነው፤ መንገዱ ክፍት ቢሆን ኖሮ ጋሽ ተክሌ ዛሬም ሞኝ በሆነ ነበር።

«ደህና ዋሉ ጋሽ ተክሌ? ገመዱ ለምንድን ነው?»

«ለሰንጋ።»

«ሰንጋውስ የታል?»

«እሱ ገና ነው። ገመዱ ረከስ ብሎ አገኘሁትና።»

«ላም በሌለበት ኩበት ለቀማ» አሉ ከኋላ ወንበር ወይዘሮ ዙለይኻ። ከብሎኩ ሥር ሱቅ ያላቸው የስልጤ ሴት ናቸው፤ ስኳርና ምክር የሚሸጡ፣ ስኳሩን በኪሎ፣ ምክሩን በነፃ።

ጋሽ ተክሌ አልተቆጣም። «ልሳቅልሽ ዙለይኻ፤ ግን ስሚኝ። አስራ ዘጠኝ ዓመት ሳሪስ አቦ ኪራይ ቤት ኖርን። መብራቱን የሚያበሩትም የሚያጠፉትም አከራያችን ነበሩ፤ ባለቤቴ አስካለች ሽንኩርት እየከተፈች ድንገት ድርግም ያደርጉባታል። ዛሬ በገዛ ቤቴ የገዛ መብራቴን አሥር ጊዜ አብርቼ አሥር ጊዜ የማጠፋበት ቀን አለ፤ ደስ ስለሚለኝ ብቻ። ይህን ለሰጠ አምላክ አንድ ሰንጋ ይበዛበታል?»

«አይበዛበትም» አለች ሶሊያና። «እንኳን ደስ አለዎት። ስንት ሰው ይጠራል?»

«የቃሊቲ ሹፌር በሙሉ። የኮንዶሚኒየሙ ዕጣ የወጣልኝ ዕለት ቃል ገብቻለሁ። ስልሳ ሺህ ብር ዕቁብ ደርሶኛል፣ ሰኞ ሰንጋ ላይ ትወርዳለች።»

«የቤቱ ዕዳ ግን ስንት ቀረዎት?»

«እሱማ ቀላል ነው። ሁለት መቶ ሺህ ተበደርኩ። በወር አንድ ሺህ ስምንት መቶ ስልሳ አራት እከፍላለሁ፤ ሁለት ዓመት ሙሉ አንድ ወር አላጓደልኩም። አርባ አራት ሺህ ሰባት መቶ ከፍያለሁ፣ መቶ ሃምሳ አምስት ሺህ ቀረኝ። ዕቁብ ማለት እኮ ነው፤ የጣልሽው ከሚጣለው ላይ ይቀነሳል።»

ሶሊያና ከንፈሯን ነከስ አደረገች። «ባንኩ የሰጠዎት ወረቀት ይኖራል?»

ከመንጃ ፈቃዱ ማኅደር ውስጥ ስምንት ቦታ የታጠፈ ወረቀት አውጥቶ ሰጣት። «እኔ ማኅተሙን ነው ያየሁት። ማኅተም ካለው ደህና ነው። ፊደሉን ደግሞ አሳንሰው ነው የሚጽፉት።»

ፊደሉ ደህና ነበር። ያነሰው የጋሽ ተክሌ ዓይን ነው። ባለፈው ወር መተሐራ ላይ የግመል መንጋ ቁጥቋጦ መስሎት በመጨረሻዋ ሰዓት ነበር ፍሬን የያዘው። ይህን ለአስካለች እንኳ አልነገራትም። ወርሃዊው የቤት ክፍያ የሚወጣው ከመሪው ነውና፣ ዓይኑ ከዕዳው ቀድሞ ካለቀ ቤቱ ምን እንደሚሆን ማሰብ አይፈልግም ነበር። ማሰብ የማይፈልገውን ነገር በጨው ወሬ ነበር የሚሸፍነው።

«ቀሪ ዕዳ፣ መቶ ዘጠና ሁለት ሺህ ስድስት መቶ ሰባት ብር» ብላ አነበበች።

«እሱ የሒሳብ ቁጥሬ ይሆናል።»

«የሒሳብ ቁጥርዎ ከላይ ነው። በሁለት ዓመት ከዋናው ዕዳ የቀነሰው ሰባት ሺህ ሦስት መቶ ምናምን ብር ብቻ ነው።»

በዚህ ጊዜ ረዳቱ ዱጉማ፣ ጢሙ ደረቱን የሚነካ ጎልማሳ፣ ሒሳብ ሊሰበስብ ጎንበስ እንዳለ ቁጥሩን ሰማና እጁን እንደዘረጋ ቀረ። እሱም ኮንዶሚኒየም ደርሶታል። ያን ቀን ሰው ሁሉ እያየው ሒሳብ መሰብሰቡን ረሳ፤ እስከ ኮዬ ፈጬ አንድም ሰው አልከፈለም።

«ተዘረፍኩ» አለ ጋሽ ተክሌ ድምፁን ዝቅ አድርጎ። «ሰኞ ተሳቢዬን በባንኩ በር ላይ አቆመዋለሁ። ማን ገብቶ እንደሚሠራ አያለሁ።»

«ማንም አልዘረፈዎትም። ውሉ ላይ ተጽፏል፣ ፈርመውበታል። ሰው የሰጠዎትን ብር ይዘው ሲቀመጡ ኪራይ አለው። የእርስዎ በመቶ ብር በዓመት ዘጠኝ ብር ከሃምሳ ነው። ሁለት መቶ ሺህ ይዘው በተቀመጡበት በመጀመሪያው ወር ኪራዩ ብቻ አንድ ሺህ አምስት መቶ ሰማንያ ሦስት ብር ነበር። ከከፈሉት ውስጥ ዋናውን ዕዳ የነካችው ሁለት መቶ ሰማንያ አንድ ብር ናት።»

«ከኪራይ ቤት ወጣሁ ስል ኪራይ ብር ውስጥ ገባሁ በይኛ።»

«ቤቱ ግን የእርስዎ ነው። ባንኩ ባያበድርዎት ዛሬም አከራይዎ መብራት ያጠፉብዎት ነበር። ብድሩን አያማርሩት፤ ይወቁት ነው የምልዎት።»

ጋሽ ተክሌ ጥቂት አሰበና ፊቱ ፈካ። «እሺ፣ ስሚ። ብር በየዓመቱ እየረከሰች አይደል? የዛሬ አሥር ዓመት ይህች አንድ ሺህ ስምንት መቶ የአንድ ምሳ ሒሳብ ትሆናለች። ዕዳ ይረክሳል፣ ሰንጋ ይወደዳል። ስለዚህ ዕዳውን አስተኝቶ ሰንጋውን ዛሬ ማረድ ነው።»

ታክሲው ውስጥ የነበረ ሰው ሁሉ «እውነቱን ነው» አለ። እኔም አብሬ አልኩ፤ የሞኝ ክርክር አልነበረምና።

ሶሊያናም አልናቀችውም። «ይሄ ባንክ ቤት ውስጥም የሚነሳ ክርክር ነው። ስልሳ ሺሁን ከዘጠኝ ተኩል በላይ የሚያስገኝ ሥራ ላይ ቢያውሉት፣ ለወይዘሮ አስካለች ሱቅ ቢከፍቱበት፣ አፌን እዘጋለሁ። ሰንጋ ግን ማታውን አጥንት ይሆናል። አጥንት ደግሞ ወለድ አይከፍልም።»

«እኛ ወለድ አንነካም፣ ሃራም ነው» አሉ ወይዘሮ ዙለይኻ። «ሱቋን በጥሬ ብር እስክገዛት አስራ አንድ ዓመት በሰው በረንዳ ላይ ሸጬያለሁ። አንተ አንዴ ገብተህበታል። ከገቡ ወዲያ ቶሎ መውጣት ነው ተክሌ፣ እልፍኝ አይደለም።»

«ቃሌስ? ሹፌር ቃሉን ከበላ ማን አብሮት ይበላል?»

ሶሊያና መልሱን ትታ ወደ መስኮቱ ዞረች። ጎማው ከፈነዳው ተሳቢ የተገለበጡት ከረጢቶች፣ የቆሙት ተሳቢዎች፣ ጥላ ሥር የተቀመጡት ሹፌሮች ይታያሉ። «ጋሽ ተክሌ፣ ያ የጨው ነጋዴ ግን እንዴት ነበር?»

ዓይኑ በራ። «አርባ ላሞች...»

«ላሞቹን ይለፏቸው። ናፍጣውን ምን በላው?»

«ጭነቱ ነዋ። ባዶ መኪና ቅምሻ ነው የምትጠጣው። ከባድ ጭነት ይዘሽ ረጅም መንገድ ከሄድሽ ግን ታንከሩ አይበቃሽም።»

«ግማሹን ጨው መጀመሪያ ቃሊቲ ላይ አራግፎት ቢሆንስ?»

«ያኔማ ናፍጣው ወርዶለት ሰው ይሆን ነበር። ሞኝ ነው እንጂ ጭነት ተሸክሞ...»

እዚህ ላይ ቆመ። ገመዱ ከትከሻው ተንሸራቶ ጭኑ ላይ ወደቀ።

«ዋናው ዕዳ ጭነቱ ነው» አለ ጋሽ ተክሌ ቀስ ብሎ።

«አዎ።»

«ዓመቱ መንገዱ ነው።»

«አዎ።»

«ወለዱ ናፍጣ። ነጋዴው ደግሞ እኔ ነኝ።»

«ይህን እንኳ እኔ አላልኩም» አለች። «ግን ሃያውን ዓመት ሙሉ እንዲሁ ከዞሩ በጠቅላላው አራት መቶ አርባ ሰባት ሺህ ብር ይከፍላሉ። የተበደሩት ሁለት መቶ ነው።»

«ናፍጣው ከጨው በለጠ ማለት ነው።»

«ላሞቹስ?» አሉ ወይዘሮ ዙለይኻ።

«ለድግሱ የሚጠሩት ናቸዋ» አለ ዱጉማ፣ እጁ እንደተዘረጋ።

ታክሲው በሳቅ ተናወጠ። ጋሽ ተክሌም ሳቀ፤ የገዛ ወሬው ዞሮ ሲነክሰው የሳቀበት የመጀመሪያ ቀኑ ነበር። ከዚያም ሳቁን ዋጥ አድርጎ፣ «ስልሳ ሺሁን ሰኞ ባራግፈውስ?» ሲል ጠየቀ።

ሶሊያና በስልኳ አሰላችው። «ወርሃዊውን እንዳለ እየከፈሉ ከቀጠሉ፣ አስራ ስምንት ዓመት የቀረው ዕዳ በስምንት ዓመት ከዘጠኝ ወር ያልቃል። ስልሳ ሺሁ ራሱን ተክቶ ወደ መቶ አርባ ሰባት ሺህ ብር ያተርፍልዎታል።»

ብሩን የሰማም አይመስል። «ስንት ዓመቴ ይሆናል?»

«ስልሳ አንድ። ድግሱን ከደገሱ ሰባ።»

ሰባ። ጋሽ ተክሌ በሰባ ዓመቱ፣ በዚያ ዓይኑ፣ መተሐራ ላይ ግመሎቹን አያቸው። አስካለችንም በር ላይ ቆማ መንገድ መንገዱን ስታይ አያት። ወረቀቱን ተቀብሎ አንድ ቦታ ብቻ አጠፈው።

«ቃሌን ግን አልበላም» አለ።

«ማን ይብሉት አለዎት? በዚህ ቀን አርዳለሁ አላሉም፣ አርዳለሁ ብቻ ነው ያሉት። ዕዳው ያለቀ ዕለት ይረዱት። እስቲ ያን ጊዜ የሚበላው ሥጋ የማን ቤት ሥጋ እንደሆነ ይየው ሰው።»

አክላም እንዲህ መከረችው። ቀድሞ መክፈል ቅጣት ይኑረው አይኑረው አስቀድሞ እንዲጠይቅ፣ ገንዘቡ ከዋናው ዕዳ እንዲቀነስና ወርሃዊው ሳይነካ ዓመቱ እንዲያጥር በጽሑፍ እንዲያመለክት፣ ወጥቶ ከመሄዱ በፊትም ማኅተሙን ብቻ ሳይሆን ቁጥሩን እንዲያነብ። «ካልታየዎትም ሰው ያንብብልዎት፣ ነውር የለውም» አለችው። ጋሽ ተክሌ ቀና ብሎ አያት። ስለ ዓይኑ ማንም አልነገራትም ነበር።

መንገዱ ተከፍቶ ኮዬ ፈጬ ሲደርሱ፣ ከመውረዱ በፊት ጎንበስ ብሎ ግንባሯን ሳማት። «ያጠባሽ ጡት ይባረክ። እኔ የማመሰግንበት ጠፍቶኝ ሰንጋ ስፈልግ፣ እግዜር አንቺን ጎኔ አስቀምጦልኛል።»

ሰኞ ባንክ ሄደ። ቅጣት የለውም አሉት፤ ስልሳ ሺሁን አራገፈ። ከዚያ ቀጥሎ መነጽር ገዛ፤ ለአስካለችም ስለ ግመሎቹ ነገራት። እሷም መጀመሪያ ተቆጣች፣ ቀጥላ አለቀሰች፣ ቀጥላ መነጽሩን ለካች። በወሩ የአቦ ዕለት ሁለቱ ሳሪስ አቦ ቤተ ክርስቲያን ሄደው በር ላይ ለተቀመጡት ድሆች ዳቦ አከፋፈሉ። ምስጋናቸው ዳቦ ነበር፤ ግን የተበደሩት ዳቦ አልነበረም።

ሹፌሮቹ አንድ ሳምንት አሾፉበት። በሁለተኛው ሳምንት አንዱ ወረቀቱን ይዞ መጣ፣ በሦስተኛው አራት ሆኑ። አሁን ቃሊቲ ጥላ ሥር የተቀመጠ ሹፌር ዋናውን ዕዳ ጭነት፣ ወለዱን ናፍጣ ይላል። ቤት ሊገዛ የሚፈልግ ሰው ዋጋውን ብቻ ሳይሆን እስከ መጨረሻው የሚከፍለውን ድምር ይጠይቃል። ዕቁብ የደረሰው ሰው ከድግስ በፊት ወረቀቱን ይገልጣል። በመጀመሪያዎቹ ዓመታት የተራገፈች አንዲት ብር በኋለኞቹ ዓመታት ሁለትና ሦስት ብር ተሸክማ እንደምትሄድ የቃሊቲ ሹፌር ያውቃል። ይህን ላስተማረች ልጅ፣ ለተማረችበትም ትምህርት፣ ጎማው ለፈነዳው ተሳቢም ሳይቀር ምስጋና ይገባል።

ገመዱ አለ። ሰንጋው እስኪመጣ አስካለች ልብስ ታሰጣበታለች። ጋሽ ተክሌን መንገድ ላይ ያገኘ ሹፌር ሁሉ መስኮቱን ዝቅ አድርጎ «ሰንጋው ስንት ዓመት ቀረው?» ይለዋል፤ እሱም ወሩን ሳይቀር ይነግረዋል። ሰው በሙሉ የአንድን ሰው ዕዳ ማለቅ ሲጠብቅ ያየሁት እዚያ ብቻ ነው።

አሁን አንድ ነገር ልናዘዝ። ቁጥሮቹ ልክ ናቸው፣ ማንም አስልቶ ሊያያቸው ይችላል። ላሞቹም ጋሽ ተክሌ እንዳወራቸው ናቸው። ዱጉማ ሒሳብ መሰብሰቡን ረሳ ያልኩት ግን ከራሴ ነው። የቃሊቲ ረዳት ምድር ብትገለበጥ ሒሳብ አይረሳም፤ እንዲያውም ያን ዕለት በሳቁ መሀል እኔን ሁለት ጊዜ አስከፍሎኛል። መሐላ መሐላ ነውና፣ ከዛሬ ጀምሮ ቁልቁለት በደረስኩ ቁጥር ወርጄ በእግሬ ነው የምሄደው።