እስከ ድልድዩ ሽኝት

እኛ ባደግንበት ጊዜ፣ ሰናይት ልጄ፣ በር ላይ ቆሞ «ደህና ሁን» ማለት ሽኝት አይባልም ነበር። ማባረር ነው የሚባለው። ቢያንስ እስከ መንገዱ መታጠፊያ አብረሽው ትሄጃለሽ፣ እዚያ ቆማችሁ ሌላ ጨዋታ ትጀምራላችሁ፣ ከዚያ ደግሞ እንግዳው «ብቻሽንማ አትመለሺም» ብሎ ይመልስሻል፣ እና እንዲህ ስትመላለሱ እራት ይደርሳል። ይሄን ያዢልኝ፣ ኋላ ይመጣል። እየጻፍሽ ነው? ጎሽ የጎረቤቴ ልጅ። እስክሪብቶው አስቸገረሽ መሰለኝ። ተፈራ፣ ሌላ እስክሪብቶ ስጣት እስቲ። አየሽው? ድሮ ቢሆን ይቺን ለማለት መጀመሪያ ሰውየውን ቤት ማግኘት ነበረብኝ!

ታዲያ ነገሩ እንዲህ ነው። ገና አገር ቤት በካርድ ስልክ በምንደውልበት ጊዜ ነው፣ እዚሁ ኦሮራ፣ ከኮልፋክስ ጎዳና ገባ ብሎ ያለው አፓርትመንት ውስጥ እንኖር ነበር። ተፈራ ዳውንታውን ፓርኪንግ ጋራዥ ይሠራል፣ የሌሊት ፈረቃ። እኔ እዚያው ዳውንታውን ሆቴል ውስጥ ክፍል አጸዳለሁ፣ የቀን። ጠዋት እሱ ከአውቶቡስ ሲወርድ እኔ ከመንገዱ ማዶ ቆሜ የኔን እጠብቃለሁ። እጁን ያነሳል፣ እጄን አነሳለሁ። በቃ! ልክ እንደ ጎረቤት! ወጥ ሠርቼ እተውለታለሁ፣ ማታ ስመለስ ድስቱ ታጥቦ ተደፍቶ አገኘዋለሁ። ወሬያችን ድስቱ ነበር ብልሽ አልዋሽሁም። የቀረውን ሄለን ታመላልሰው ነበር፣ ልጃችን። «ማሚ፣ ዳዲ ጫማው ተቀዷል ይላል።» «ዳዲ፣ ማሚ ግዛ ትላለች።» እና ሄለን ሥራ ይዛ የራሷን ቤት ስትከራይ፣ ወሬ አመላላሽም ቀረ።

አንድ ቀን ደወለችልኝ። «ማሚ፣ ለጋብቻችሁ መታሰቢያ ትሪፕ ልሰጣችሁ ነው። የት መሄድ ትፈልጊያለሽ?» እኔ ኩሽና ቆሜያለሁ፣ ዞር ስል ግድግዳው ላይ ያ ካላንደር አለ። ከእስያ ግሮሰሪ የሚሰጡት ዓይነት ነው፣ ትልቅ የድንጋይ ቤተ መቅደስ፣ ከፊቱ ኩሬ፣ ሥሩ «አንኮር ዋት» የሚል። ዓመቱ ካለፈ ቆይቷል፣ ግን አላነሳሁትም፣ የተፈራ ነዋ! ሰውየው ብቻውን ሲበላ ፊት ለፊት የሚያየው እሱን ነው። «አባትሽ ያንን ቦታ ይወዳል» አልኳት። «ሪሊ? ዳዲም እንደዚያ ነው ያለኝ፣ እዚያ ይሁን አለ» አለችኝ። አየሽ፣ ልክ ነበርኩ አልኩ በልቤ።

«ግሩፕ ነው?» አልኳት።

«ኖ ማሚ፣ ፕራይቬት ቱር ነው። አራት ቀን። አስጎብኚው የእናንተ ብቻ ነው። ጀስት ዩ ኤንድ ዳድ!»

ደነገጥኩ! እውነቴን ነው። የጸሎት ቡድናችን እህቶች «የሺ፣ ጣዖት ቤት ልትሄጂ?» ሲሉኝ «ለማየት ነው እንጂ ለመስገድ አይደለም» አልኳቸው። እኔ የፈራሁት ግን ጣዖቱን አይደለም፣ ተፈራን ነው። አራት ቀን ሙሉ ከዚህ ሰውዬ ጋር ምን አወራለሁ? ፊት ለፊት ተቀምጠን ወሬ ብናጣስ? ፈረቃው ነው ስንል ኖረን፣ ፈረቃው ባይሆንስ? ይሄ ነበር የከነከነኝ።

ሄድን። አውሮፕላን ውስጥ እሱ ተኛ። እሱ ሲነቃ እኔ ተኛሁ። ሰማይ ላይ ሆነን ፈረቃችንን ጠበቅን!

ሲየም ሪፕ የሚባል የካምቦዲያ ከተማ ደረስን፣ ሙቀቱ እንደ እንፋሎት ነው። አስጎብኚያችን ቫናክ ይባላል፣ ቀጭን፣ ሳቂታ፣ ሸሚዙ የተተኮሰ። ተፈራ ወንድ ነኝ ብሎ ፊት ከሾፌሩ ጎን ገባ፣ እኔ ኋላ ከቫናክ ጋር። ታዲያ ምን ስናደርግ ዋልን መሰለሽ? እኔ በሆቴል እንግሊዝኛዬ ቫናክን «ባለቤቴን ውሃ ይፈልግ እንደሆነ ጠይቅልኝ» እለዋለሁ። ቫናክ ጎንበስ ብሎ «ሰር፣ ማዳም ውሃ ይፈልጋሉ ወይ ይላሉ» ይላል። ተፈራ ደግሞ ወደኋላ ሳይዞር «ቴል ሃር፣ ኖ ታንክ ዩ»! ሁለት አማርኛ ተናጋሪዎች፣ መሐላቸው አንድ የካምቦዲያ ልጅ፣ በእንግሊዝኛ! አትሳቂ፣ ጻፊ።

መጀመሪያ ባዮን የሚባለው ቤተ መቅደስ ጋ ወሰደን። ማማው ሁሉ ፊት ነው፣ የድንጋይ ፊት፣ ባራቱም አቅጣጫ፣ ዓይኑን ጨፈን አድርጎ ፈገግ ያለ። «ማዳም፣ ይሄ ፊት ምን እያሰበ እንደሆነ እስከ ዛሬ ሰው አላወቀም» አለኝ። «እኛም ቤት አንድ አለ» አልኩት። ቫናክ ሳቀ፣ ተፈራ ሰምቶ ይሁን ሳይሰማ፣ እሱም እንደ ድንጋዩ ፈገግ አለ።

ማታ ሆቴላችን በር ላይ ወረድን፣ ሾፌሩ መኪናውን ይዞ ሄደ። ቫናክ ቤቱ ከወንዙ ማዶ ነው፣ በእግሩ ነው የሚሄደው። «ነገ ጠዋት እንገናኝ» ብሎ ዞረ። እንዴት ይሆናል! ቀኑን ሙሉ በፀሐይ ሲያስረዳን የዋለ ልጅ፣ በር ላይ? ተፈራን ልጠራው ብዬ ዞር ስል፣ ተፈራ ቀድሞኝ ኮፍያውን አድርጎ ተነሥቷል። ያን ቀን መጀመሪያ የተስማማንበት ነገር ይሄ ነው። ተከተልነው።

ልጁ ዞሮ ሲያየን ደነገጠ። «ማዳም፣ መኪና ውስጥ የረሳችሁት ዕቃ አለ?»

«የለም ልጄ።»

«ሬስቶራንት ፈልጋችሁ ነው?»

«የለም፣ እየሸኘንህ ነው።»

«ወዴት?»

«ወደ ቤትህ ነዋ!»

አልገባውም። ድልድዩ ጋ ስንደርስ ቆመ። «እንግዶቼ በማያውቁት ከተማ ብቻቸውን ሲዞሩ ድርጅቱ ቢያይ ይቆጣኛል» አለና መልሶ ሆቴላችን አደረሰን። ተፈራ ደግሞ «ታዲያ ይሄ ልጅ እኛን ሲያደርስ ብቻውን ሊመለስ ነው?» አለ። እንደገና ሸኘነው። እንደገና መለሰን። የሆቴሉ ዘበኛ ወንበሩን ወደ መንገዱ አዙሮ እንደ ቴአትር ያየናል! በመጨረሻ ቫናክ ላቡን ጠርጎ፣ ድልድዩ መሐል ላይ ቆሞ እንደ ሽማግሌ ፈረደ። «እስከዚህ እናንተ ትሸኙኛላችሁ። ከዚህ በኋላ እኔ ቆሜ ሆቴሉ እስክትገቡ አያችኋለሁ። እሺ?» «እሺ» አልን። ስምምነት ሆነ። እኔና ተፈራ እሱ እያየን ተመለስን፣ ዝም ብለን፣ እንደ ተማሪ።

በማግስቱ ታ ፕሮም የሚባል ሌላ ቤተ መቅደስ ሄድን። ዛፉ ግንቡን እንደ ዘንዶ ተጠምጥሞበታል፣ ሥሩ ከተፈራ ወገብ ይወፍራል፣ ግንቡን የያዘው ዛፉ ይሁን ዛፉን የያዘው ግንቡ አይለይም። አንዲት ጠባብ የድንጋይ ክፍል አስገባንና «ጀርባችሁን ለግድግዳው ስጡ፣ ከዚያ ደረታችሁን ምቱ» አለን።

«ማን ሞተ?» አልኩት።

«ማዳም?»

«በእኛ አገር ደረት የሚመታው ሰው ሲሞት ነው። ከኦሮራ ተደውሎ ነው? ንገረኝ!»

«ማንም አልሞተም ማዳም! ክፍሏ ታስተጋባለች፣ ለጭብጨባ አትመልስም፣ ለደረት ብቻ ነው!»

«እንግዲያው እኔ ሰው ሳይሞት ደረት አልመታም» ብዬ ወጣሁ። ተፈራ ግን ገባ። ጀርባውን አስጠጋና በቡጢው አንዴ፦ ድም! ሰናይት፣ ድንጋዩ ከላይ እስከ ታች ጮኸ! እንደ ነጋሪት! እና እኔ ሳላስበው፣ በአማርኛ፣ ቀጥታ ለራሱ፣ «አንተ ሰውዬ! ይሄ ሁሉ ድምፅ ውስጥህ ኖሮ ነው እቤት አንድ ቃል የምታጣው?» አልኩት።

ሳቀ። እንደዚያ ሲስቅ ከሰማሁት ስንት ጊዜዬ! ከዚያ ሳቁን አቆመና «አንቺ የት ነበርሽና ላውራሽ?» አለኝ።

 እውነቱን ነዋ።

ያን ቀን ማታ ቫናክን እስከ ድልድዩ ሸኘነው፣ እንደ ስምምነታችን ቆመ፣ እኛ ተመለስን። ጥቂት እንደሄድን «የሺ» አለኝ።

«ወይ።»

«ደስ ብሎሻል? ያ የምትወጂው ቤተ መቅደስ እኮ ገና ነው፣ የካላንደሩ።»

«እኔ የምወደው? አንተ የሰቀልከው አይደለም እንዴ?»

ቆመ። «እኔ? እኔ አልሰቀልኩም። አንቺ ነሽ ብዬ ነው እንጂ። ዓመቱ ሲያልፍ ላነሣው ነበር፣ ቁርሷን ስትበላ እሱን ነው የምታየው ብዬ ተውኩት።»

«እኔም ላነሣው ነበር! እሱ ሲበላ የሚያየው ነው ብዬ!»

ተያየን። እዚያው መንገዱ ላይ ሳቅ ጣለን፣ እኔ የእሱን ክንድ ይዤ፣ እሱ ግንብ ተደግፎ። አንዱ ለሌላው ሲል ያረጀ ካላንደር ስናይ ኖረን፣ ይኸው ዓለምን አቋርጠን መጣን! እና ከሳቁ በኋላ ወሬው እንደ ተከፈተ ቧንቧ ሆነ። ጋራዡ ውስጥ መኪናው የጠፋበትን ሰውዬ ነገረኝ፣ ፎቅ በፎቅ አብሮት ሲፈልግለት አድሮ፣ ለካ ሰውየው ያቆመው ሌላ ጋራዥ ነው። እኔም አንድ ነገር ነገርኩት። እኔ የማጸዳው ፎቅ ላይ፣ አልጋ ሳነጥፍ በመስኮቱ የእሱ ጋራዥ ይታየኛል። አለመኖሩን እያወቅኩ አየት አደርገዋለሁ።

«ለምን አልነገርሽኝም?»

«መቼ?»

 አንድ ለአንድ ሆንን። እና ስንሄድ፣ ስንሄድ፣ ከኋላ የእግር ኮቴ ሰማን፣ አንድ ሰው እየሮጠ ነው። ቫናክ! «ማዳም! ሰር! ሆቴሉን አለፋችሁት! ሆቴሉ ወዲያ ነው!»

«አውቀነዋል ልጄ» አለው ተፈራ፣ «ወሬያችን ስላላለቀ ነው።»

ልጁ እያለከለከ እኔን አየ፣ እሱን አየ፣ እና በሁለት ቀን ውስጥ ለመጀመሪያ ጊዜ ምንም ሳያስረዳ ሄደ።

በሦስተኛው ቀን ተፈራ ኋላ ከኔ ጋር ተቀመጠ፣ ቫናክን ፊት አስቀመጥነው። ምስኪን፣ ስለ ንጉሡና ስለ ግንበኞቹ ሲናገር የሚሰማው ሾፌሩ ብቻ ነበር። በአራተኛው ቀን ገና ሳይነጋ አንኮር ዋት ወሰደን፣ ኩሬው ዳር፣ ልክ የካላንደሩ ፎቶ የተነሣበት ቦታ ላይ አስቀመጠን። «አሁን ፀሐይዋ ከማማዎቹ ጀርባ ትወጣለች» ብሎ ዝም አለ። እኛ ደግሞ ስለ ሄለን ልጅነት ጀምረናል፣ ያኔ ካፒቶል ሂል ሰፈር እያለን በረዶ ስታይ ስኳር መስሏት የላሰችውን። ቀስ ብሎ ትከሻዬን ነካ አደረገኝ። «ማዳም... ፀሐይ ወጣች እኮ።» ቀና ስል ወጥታ፣ ከፍ ብላ፣ ዓይን ታቃጥላለች! «አየናት ልጄ፣ አየናት» አልኩት። አላየናትም!

ግን ቦታውን አላየሁም አልልሽም። በኋላ ተፈራ እጄን ይዞኝ ውስጡን ዞርን። ያንን ሁሉ ድንጋይ፣ ያንን ሁሉ አበባና ሰው የቀረጹ እጆች፣ ቀን ሲሠሩ ሌሊት ሲሠሩ፣ ከሚስቶቻቸው ጋር መቼ ያወሩ ነበር አልኩ። ተፈራ «ምሳ ይዘውላቸው ሲመጡ» አለኝ። እንዴት እንዳወቀ እንጃ።

የመጨረሻው ማታ ድልድዩ ላይ ስመን ተሰናበትነው። ጉንጩን ሦስቴ ሲሳም ጊዜ ግራ ገባው። ከዚያ «ዛሬ ቆሜ አላያችሁም» አለን። «ሆቴሉን ታውቁታላችሁ። መቼ እንደምትገቡ የራሳችሁ ጉዳይ ነው።» ጀርባውን ሰጥቶን ሄደ፣ አንዴም ሳይዞር። ብልህ ልጅ ነው፣ የት ይሆን አሁን።

ኦሮራ ስንገባ ተፈራ መጀመሪያ ያደረገው ምንድነው? ካላንደሩን አነሣው። ከጀርባው ቡጢ የሚያህል ቀዳዳ! ግድግዳው ላይ! ሄለንን ደወልንላት። «ኦ ማይ ጋድ፣ ማሚ፣ ሶሪ! ቤት ስለቅ ወንበር ሳወጣ በሳሁት፣ እንዳታዩት ብዬ ነው የሰቀልኩት። ኋላ ሁለታችሁም እዚያ እንሂድ ስትሉ... እንዴት ልናገር?» ተፈራ ስልኩን ተቀብሎ «ልጄ፣ ሌላም ቀዳዳ ካለ ንገሪን» አላት።

ሥራ ስንመለስ፣ በመጀመሪያው ጠዋት፣ እኔ እንደ ልማዴ አውቶቡስ እጠብቃለሁ፣ ተፈራ ከማዶ ወረደ። እጁን አላነሣም። ኮልፋክስን ተሻግሮ መጣና አጠገቤ ቆመ። «ልሸኝሽ ነው» አለኝ። «ሌሊቱን ቆመህ አድረህ? በል ግባ ተኛ፣ እኔ ላድርስህ» ብዬ እስከ በራችን መለስኩት። «ብቻሽንማ አትሄጂም» ብሎ ፌርማታው አደረሰኝ። አውቶቡሱ አለፈ! ሌላው መጣ፣ እሱም አለፈ! ሱፐርቫይዘሬ «ዬሺ፣ ዋት ሃፕንድ?» ስትለኝ ምን ልበላት? ባሌን ስሸኝ ልበላት? ክረምቱ ሳይገባ ተፈራ አለቃውን ለምኖ የቀን ፈረቃ ተቀየረ፣ ይኸው በአንድ አውቶቡስ እንሄዳለን፣ አሁንስ ጋራዡን ጋራዡን ሲለኝ ጆሮዬን አደነቆረው!

የኔ ፍርድ ይሄው ነው። ሰው ወሬ የሚያልቅበት ስለማይዋደድ አይደለም፣ አብሮ የሚሄድበት መንገድ ሲያጣ ነው። ይቺን አስምሪባት። በይ መሽቷል፣ እናትሽ ትጠብቅሻለች፣ ተነሺ እንሸኝሽ። ተፈራ፣ ኮፍያህን። ምን? «ቤታችን ከላይ ፎቅ ነው» አልሽ? አውቃለሁ ከላይ ፎቅ መሆኑን፣ ደረጃ መንገድ አይደለም እንዴ? ምን አልሽ? ድምፅሽን ከፍ አድርጊ፣ ስትናገሪ እኮ የሚሰማሽ ደብተርሽ ብቻ ነው። ኧ? ሰማሃት ተፈራ? ቀኑን ሙሉ ዝም ብላ ውላ ምን እንዳለች ሰማሃት?

«እሺ ሸኙኝ፣ ግን ብቻችሁን አትመለሱም፣ እኔ እመልሳችኋለሁ» አለች! ኪኪኪ! በል ዛሬ እራት የለም!