ያልተጻፈው የሥራ ድርሻ

በዚያ ማለዳ እትዬ ከሁሉ ቀድመው የሆስፒታሉ ስፌት ክፍል የገቡት ማንም አያየኝም ብለው ነበር። ሃያ ስድስት ዓመት በዚሁ ሆስፒታል አንሶላ ሲጥፉ፣ የሐኪም ጋዋን ሲሰፉ የኖሩ ሴት ናቸው። ከጥቂት ወራት በፊት ደረጃቸው አድጎ የክፍሉ ኃላፊ ሆነዋል። ደብዳቤው ግን «ደረጃዎ አድጓል» ብሎ ዝም አለ፤ ከእንግዲህ ምን እንደሚሠሩ አንዲት ቃል አልጨመረም። እሳቸውም አልጠየቁም። እንደ ድሮው መኪናቸው ላይ አቀርቅረው ይውላሉ።

ይባስ ብሎ አሁን የሚሰፉት የራሳቸውን ሥራ እንኳ አይደለም። በድሮው ቦታቸው የተቀጠረችው የሁለት ልጆች እናት ትናንት ሳትጨርሰው ትታ የሄደችውን የጋዋን ክምር ነው።

በሩ ተከፈተና የአስተዳደር ባለሙያው ገባ። የሰፈራቸው ልጅ ነው፤ ሲያድግ አይተውታል። በአንድ እጁ የተበጠሰ የኮት ቁልፍ፣ በሌላው የወረቀት አቃፊ ይዟል።

«እንደምን አደሩ እትዬ? እግዜር ነው ያገናኘን! ይቺን ቢተክሉልኝ። እንዲህ ሆኜ ስብሰባ ብገባ መሳቂያ መሆኔ ነው።»

«ና አረፍ በል የኔ ልጅ። አንተ እንደሆን ከድሮም ቁልፍ ስታረግፍ ነው ያደግኸው።»

ኮቱን አውልቆ እየሰጣቸው ወደ ክምሩ አየ። «ይሄ የማን ሥራ ነው?»

«የልጅቷ ነዋ። ምስኪን፣ ታናሹ አሞት እየሮጠች ሄደች። ብረዳት ምን አለበት?»

«ኃላፊው እርስዎ አይደሉ እንዴ?»

«ኧረ ተወኝ! ለስሙ ነው። ሰው ሲሠራ ቁጭ ብዬ ልይ? እጄ ካልተንቀሳቀሰ የሠራሁ አይመስለኝም።»

«የሥራ ድርሻዎን በጽሑፍ እንዲሰጡዎት ጠይቀዋል?»

«ደረጃ ሰጥተውኝ ደግሞ ወረቀት አምጡ ልበላቸው? ምነው፣ እንዲህ ውለታ ቢስ ሆንኩ!»

ስንት ደግ ሠራተኛ ነው እንዲህ የሚያስበው! ተገቢውን መጠየቅ ጥጋብ ይመስለዋል፤ ዝም ማለት ደግሞ ጨዋነት።

«ይቅርታ ያድርጉልኝ እትዬ፣ ደረጃ ውለታ አይደለም» አለ ወጣቱ ድምፁን ዝቅ አድርጎ። «አሠሪ ደረጃ ሲያሳድግ ሥራውንም ለይቶ መስጠት አለበት። ሠራተኛውም የድሮውን በቦታው ለተተካው ሰው አስረክቦ አዲሱን ይረከባል። አለበለዚያ ሁለቱም እርስዎ ትከሻ ላይ ይቀራሉ፤ አንድ ነገር ሲጎድልም ተጠያቂው አይታወቅም።»

«ትከሻዬ ችሎታል። ማንን ጎዳሁ?»

ወጣቱ አቃፊውን ከፈተና አንድ ወረቀት አወጣ። የአዲሷ ሠራተኛ የሙከራ ጊዜ መመዘኛ ነበር። «በራሷ የሠራችው» በሚለው ፊት ለፊት «አልተረጋገጠም» ተብሏል። «የቅርብ ኃላፊ አስተያየት» የሚለው ደግሞ ባዶውን ነው።

«ዛሬ ከሰዓት ይቀርባል። እንዲህ እንዳለ ከቀረበ ትሰናበታለች።»

እትዬ ቱግ አሉ። «የልጆች እናት! ምን ዓይነት ጨካኝ ነው ባዶውን የተወው? ማነው ኃላፊዋ?»

ወጣቱ ወረቀቱን ወደ እሳቸው አዞረው። ቁልፉን ሊተክሉ የያዙት መርፌ እጃቸው ላይ ቀረ።

«እኔ... እኔ ነኝ?»

«እርስዎ ነዎት። ድርሻዎ ስላልተጻፈ ማንም ሊጠይቅዎት አላሰበም። ጥፋቱ በዋናነት የቢሯችን ነው። ዝርዝሩ ከደብዳቤው ጋር ሊደርስዎ ይገባ ነበር።»

እንባቸው ዱብ ዱብ አለ። «እኔ እኮ የረዳኋት መስሎኝ! ለካ ሥራዋን ከእጇ ስቀማት ነው የከረምኩት። በል ተነስ፣ አስተዳዳሪው ዘንድ ውሰደኝ!»

«ቁልፌስ?»

«እሱ ይቆይህ!»

እትዬ አስተዳዳሪው ይቆጣሉ ብለው ፈርተው ነበር። ሰውየው ግን አልተቆጡም፤ «እስካሁን የት ነበራችሁ?» ብለው የእትዬን የሥራ ድርሻ ወዲያው አስጽፈው ፈረሙበት። ሥራ ማከፋፈል፣ ማስተማር፣ የተሰፋውን መመርመር፣ ሠራተኛን መመዘን ይላል። እትዬ ሁለት ጊዜ አነበቡት። ሰው ድርሻው ሲጻፍለት ያልታዘዘውን አይሸከምም፤ የታዘዘውንም አልሰማሁም አይልም። በሥሩ ያለውም ሰው በማን ዓይን እንደሚታይ ያውቃል።

ሲመለሱ አዲሷ ሠራተኛ ዓይኗ በእንቅልፍ እጦት አብጦ መጥታለች።

«ልጅሽ እንዴት አደረ?»

«ተሽሎታል እትዬ፣ ተመስገን።»

«እሰይ! በይ ቁጭ በይ። ዛሬ ሥራሽን አልነካልሽም።»

ደነገጠች። «ምን አጠፋሁ?»

«አንቺ ምንም። ያጠፋሁት እኔ ነኝ።»

አጠገቧ ተቀምጠው እጃቸውን ብብታቸው ውስጥ ሸጎጡ። የአንዱ ጋዋን እጅጌ ሲጣመም ሊነጥቋት ምንም አልቀራቸው፤ እንደምንም ቻሉት። «ፍቺውና ድገሚው፣ የኔ እናት። ከብብቱ ጀምሪ» አሏት። ፈታችው፤ ደገመችው፤ ቀና። ምሳ ሰዓት ሲደርስ ስምንት ጋዋን ጨርሳለች፣ ሁሉም በገዛ እጇ።

ያን ጊዜ እትዬ የመመዘኛ ወረቀቱን አስመጥተው ባዶው መስመር ላይ ቀስ ብለው ጻፉ። «ተቀምጬ በዓይኔ አይቻለሁ። ትችላለች። ልጇ ሲያመው ፈቃድ ይሰጣት፤ ሥራዋን ግን ማንም እንዳይሠራላት። ኃላፊዋ እኔ ነኝ።»