ሃምሳኛው ቤት

(ዋንዛ ግርጌ ከሚባለው መንደር ፈንጠር ብሎ፣ ከፈፋው ማዶ፣ በሸክላ ሠሪዋ በእናኑ ደጃፍ፤ ረፋድ ላይ። እናኑ ጭቃ ታሻለች፤ የመንደሩ ሰብሳቢና የዕድሩ ዳኛ አበጀ ወረቀት ይዞ ፊቷ ቆሟል።)

አበጀ፦ የሚቆጠረው ቤቱ ብቻ ነው አልኩሽ እኮ፣ እትዬ እናኑ። አንቺ እዚህች ላይ አውራ ጣትሽን ታሳርፊና ገበያሽን ትሄጃለሽ።

እናኑ፦ ዛሬ ገበያ የለም።

አበጀ፦ እንግዲያው ዘመድ ትጠይቂያለሽ። ባለሙያው ከቀትር በኋላ ይመጣል፣ ቤቱን ያያል፣ ሃምሳ ብሎ ይጽፋል፣ ይሄዳል። አለቀ።

እናኑ፦ ቤቴ ሲቆጠር እኔ ምን ሆኜ ነው የምሸሸው?

አበጀ፦ ማን ሽሺ አለሽ? እንዳትንገላቺ ብዬ ነው እንጂ።

እናኑ፦ እዚህ ቤት ከገባሁ ሠላሳ ዓመቴ ነው። እትዬ ብለኸኝ አታውቅም። ዛሬ ገና ከደጅ ጀምረህ ሦስት ጊዜ አልክ።

አበጀ፦ አክብሮት ነዋ።

እናኑ፦ ይቀፋል። ከአንተ አፍ ሲወጣ ይቀፋል። ይልቅ እዚያ በርጩማ ላይ ቁጭ በልና ከመጀመሪያው አስረዳኝ።

አበጀ፦ መቆሙ ይሻለኛል።

እናኑ፦ አውቃለሁ፤ እኔ ተቀምጬበታለሁ። ቆመህ ንገረኝ እንግዲህ። ሃምሳ ምን ያደርግላችኋል?

አበጀ፦ ባለፈው ሳምንት ከወረዳ የመጣው ባለሙያ መመሪያ አነበበልን። መንደር ማለት ቢያንስ ሃምሳ አባወራ የሚኖርበት፣ ከቤት ቤት ከሁለት መቶ ሜትር የማይራራቅ፣ በማኅበራዊ ኑሮ የተሳሰረ ነው ይላል። ከዚያ ካነሰ መንደር አይባልም።

እናኑ፦ ምን ይባላል ታዲያ?

አበጀ፦ የተበታተነ ሰፈራ። እስኪ አስቢው። ታቦት ያለን፣ አያት ቅድመ አያቶቻችን የተቀበሩበት አገር፣ የተበታተነ ሰፈራ። በጠጠር እንደተበተነ ፍየል። ያ ልጅ እግር ኮምፒውተሩን ጭኑ ላይ አድርጎ ሲያነብልን ምራቄን ጢቅ ልል ምንም አልቀረኝም።

እናኑ፦ ስም ነው እኮ። ቢሏችሁስ?

አበጀ፦ የውሃ ጉድጓድ የሚቆፈረው ለመንደር ነዋ። ለተበታተነ ሰፈራ በጀት የለም አለን። ፓምፑ ወደ ሌላ ይሄዳል።

እናኑ፦ አሁን ስንት ናችሁ?

አበጀ፦ አርባ ዘጠኝ። ያ ስማቸው የሚባል ጉድ ቆርቆሮውን ሳይቀር ነቅሎ ከተማ ባይገባ ኖሮ ሃምሳ ነበርን። አሁን የቀረን አንድ ቤት ነው። ያንቺ። ከመጨረሻው ቤት እስከ ደጃፍሽ መቶ ሰማንያ ሜትር ነው፤ በመመሪያው ይገባል።

እናኑ፦ ማን ለካው?

አበጀ፦ እኔ ራሴ። ትናንት በገመድ።

እናኑ፦ ጥጃ የጠፋህ መስሎኝ ነበር፣ ፈፋው ውስጥ ስትርመሰመስ ሳይህ። መቶ ሰማንያ ሜትር ነው በለኛ።

አበጀ፦ ሜትርም አልዘለለም።

እናኑ፦ እኔ ደግሞ ሩቅ ስለሆንን አልሰማችሁ ይሆናል እያልኩ ራሴን ሳጽናና ነው የኖርኩት። ባሌ ዘገየ የሞተብኝ ለት እዚያ አፋፍ ላይ ቆሜ ያን ያህል ስጮህ አንድ ሰው እንኳ ብቅ ያላለው።

አበጀ፦ ነፍሱን ይማረው። እሱ እንግዲህ ያለፈ ነገር ነው። አሁን ጣትሽን…

እናኑ፦ አንብብልኝ።

አበጀ፦ ረጅም ነው። ፍሬ ነገሩን ልንገርሽ።

እናኑ፦ ጣቴ የሚያርፍበትን ጆሮዬም ይስማው።

አበጀ፦ “እኔ ወይዘሮ እናኑ ታምር፣ ከጥንት ጀምሮ የዋንዛ ግርጌ መንደር ነዋሪ መሆኔን፤ ፈፋውም የመንደሩ ወሰን ሳይሆን መሐሉ መሆኑን…”

እናኑ፦ ቆይ፣ ቆይ። መሐሉ ነው ያልከው? ከሁለት ዓመት በፊት የወሉ መሬት ሲከፋፈል ሽማግሌዎቹ ምን ብላችሁ ነው የፈረማችሁት?

አበጀ፦ እሱ ሌላ ጉዳይ ነው።

እናኑ፦ “ወሰናችን ፈፋው ነው፤ ከፈፋው ማዶ ያለው ከእኛ አይደለም።” የእኔ ድርሻ እንዳይወጣ። ያንተ ጣት አራተኛው ላይ ነው አሉኝ።

አበጀ፦ አሁን አንቆ የያዘን እሱ ወረቀት አይደል? ባለሙያው ከፋይል መዞ አወጣው። ራሳችሁ ናችሁ ከእኛ አይደለችም ያላችሁት፣ ራሷ ከእነሱ ነኝ ብላ ካልፈረመች አልቆጥራትም አለን።

እናኑ፦ እኔን ልታስወጡ ያሰመራችሁት መስመር እናንተን አስቀራችሁ።

አበጀ፦ ሳቂ፣ ሳቂ። መብትሽ ነው።

እናኑ፦ መች ሳቅሁ? እያቅለሸለሸኝ ነው። ቀጥል።

አበጀ፦ “…በሐዘንም ሆነ በደስታ ከመንደሩ ሕዝብ ተለይቼ የማላውቅ መሆኔን በጣት አሻራዬ አረጋግጣለሁ።”

እናኑ፦ ድገመው።

አበጀ፦ የቱን?

እናኑ፦ የመጨረሻውን።

አበጀ፦ “በሐዘንም ሆነ በደስታ ከመንደሩ ሕዝብ ተለይቼ…” ምነው?

እናኑ፦ ማን ነው የጻፈው?

አበጀ፦ እኔ ነኝ። በማኅበራዊ ኑሮ የተሳሰረ ይላል ስልሽ፤ ከመመሪያው ጋር እንዲሄድ ነው። የመንግሥት ወረቀት ሁሉ እንዲህ ነው የሚጻፈው።

እናኑ፦ ላብህ ወረቀቱን አበሰበሰው። ውሃ ልስጥህ?

አበጀ፦ አልጠማኝም።

እናኑ፦ በዚህ ፀሐይ ፈፋ ወርደህ ወጥተሃል። ከንፈርህ አመድ መስሏል።

አበጀ፦ ጾም ነኝ።

እናኑ፦ የምን ጾም?

አበጀ፦ የንስሐ አባቴ ያዘዙኝ ነው።

እናኑ፦ ቤትህ ውሃ የሚቀመጥበት ማድጋ የማን ሥራ ነው?

አበጀ፦ ያው፣ ካንቺ ነው።

እናኑ፦ ወጥ የሚሠራበት ድስትስ? ለልጅህ ሠርግ ጠላ የተጠመቀበት ጋንስ?

አበጀ፦ እሱ በእሳት ያለፈ ነዋ።

እናኑ፦ ማረሻህንስ ማን ነበር የሚቀጠቅጥልህ?

አበጀ፦ ዘገየ ነዋ። እጀ ወርቅ ነበር፤ እሱን ማን ይክዳል?

እናኑ፦ በሠራንላችሁ ትበላላችሁ፣ ታርሳላችሁ፣ ከእጄ ግን ውሃ አትቀበልም። ለልጅ ልጆቻችሁ ደግሞ ቡዳ ናት፣ በደጇ እንዳታልፉ ትላላችሁ። አሁን ዓይንህን በጨው አጥበህ ከእኛ ነኝ ብለሽ ፈርሚ ትለኛለህ።

አበጀ፦ እሺ፣ በባዶ እጄ አልመጣሁም። ዕድር እናስገባሻለን። እኔ ዳኛው ቃሌን እሰጥሻለሁ፤ ከዛሬ ጀምሮ አባል ነሽ። እስኪ አስቢው፣ ብቻሽን ነሽ። ልጅሽ ያለችው ባሕር ዳር ነው። ነገ አንድ ነገር ብትሆኚ ማን ያነሣሻል?

እናኑ፦ እሱን እንኳ እውነትህን ነው። ጋደም ባልኩ ቁጥር የሚያስፈራኝ እሱ ነው። ሞቱን አይደለም፤ እንደ ዘገየ መሆኑን።

አበጀ፦ ይኸው እኮ። ጥሩምባ ይነፋልሻል፣ ድንኳን ይተከላል፣ ሰው ግር ብሎ ይመጣል።

እናኑ፦ ሌላ ሰው ሲሞትስ? ለቅሶ ቤት ከሰው እኩል ገበታ እቀርባለሁ?

አበጀ፦ እሱ… ቀስ በቀስ ነው። ለጊዜው ለብቻሽ ይቀርብልሻል። ሰዉ እስኪለምድ።

እናኑ፦ በራሴ ሳህን።

አበጀ፦ በራስሽ ሳህን።

እናኑ፦ በር ሥር።

አበጀ፦ የትም ይሁን፤ ጥግ ያለ ቦታ።

እናኑ፦ እኔ በሠራሁት ድስት የተሠራውን ወጥ፣ በር ሥር፣ ለብቻዬ። አንገሸገሻችሁኝ፣ አበጀ። ስትሰድቡኝ ይሻለኝ ነበር። ስታባብሉኝ ነው የባሰ የምታስጠሉኝ።

አበጀ፦ ውሃው ለእኔ ነው እንዴ? ለእኔ ብዬ ነው የምለማመጥሽ? የልጄ ሚስት ብርቄ አምና እንስራ አዝላ ከወንዙ ስትወጣ ወድቃ ፅንሷ ወረደ። ወርዶ ለመውጣት ሁለት ሰዓት ነው። አሁንም ነፍሰ ጡር ናት፣ አሁንም ትወርዳለች። ቅርቃር ውስጥ ነኝ እልሻለሁ።

እናኑ፦ ሰባት ወሯ ገብቷል።

አበጀ፦ አንቺ በምን አወቅሽ?

እናኑ፦ ራሷ ነገረችኝ። ያኔ ወድቃ ትንሽ እንዳገገመች በተሰበረው ፋንታ ሌላ እንስራ ልትወስድ መጣች። ያ አልቀመጥም ያልከው በርጩማ ላይ ተቀምጣ እስኪወጣላት አለቀሰች። እናንተ ቤት አይዞሽ ያላት ሰው አልነበረም መሰለኝ። ገንፎ አገነፋሁላት።

አበጀ፦ ብርቄ? እዚህ ቤት በላች?

እናኑ፦ በእጄ ነው ያጎረስኳት። ከዚያ ወዲህ ሳምንት አልፏት አያውቅም።

አበጀ፦ እግዚኦ።

እናኑ፦ ምሳህን የምታቀርብልህ እሷ አይደለች? አየህ ፊትህ ምን እንደመሰለ? ይልቅ የቱ ነው የቀፈፈህ፤ ገንፎው ነው፣ ወይስ ዓመት ሙሉ ምንም ሳትሆን መኖርህ?

አበጀ፦ …ሌላም ሰው ይመጣል?

እናኑ፦ ሴቶቹ ይመጣሉ። እነማን እንደሆኑ አልነግርህም፤ ቤታቸው እንዳይታመስ። ፈፋው የጠለቀው ለናንተ ለወንዶቹ ነው።

አበጀ፦ ባለቤቴም ትመጣለች?

እናኑ፦ አልነግርህም አልኩ።

አበጀ፦ እንግዲያው ለብርቄ ስትይ ፈርሚ። እኔን ተይኝ። እኔን ጥይኝ።

እናኑ፦ ለብርቄ ስል ነው እስካሁን በሩን ያልዘጋሁብህ። ውሃው ቢወጣላት ከእኔ በላይ ደስ የሚለው የለም። ግን ያንን አልፈርምም። በሐዘን አልተለየንም የሚለውን ውሸት ዘገየ አፈር ውስጥ ሆኖ ይሰማኛል።

አበጀ፦ እሺ፣ ይሰረዝ።

እናኑ፦ ከሰረዝከው ባለሙያው አይቀበልህም። የተሳሰረ መሆን አለበት አላልክም?

አበጀ፦ ኧረ ምን ይሻላል ታዲያ? ግራ አጋባሽኝ እኮ።

እናኑ፦ ስጮህ የት ነበርክ?

አበጀ፦ ይሄን ደግሞ አሁን ምን አመጣው?

እናኑ፦ ወረቀትህ ነዋ። የት ነበርክ?

አበጀ፦ ከሰው ጋር ነበርኩ።

እናኑ፦ ሰምተኸኛል?

አበጀ፦ …ሰምቻለሁ።

እናኑ፦ አብረውህ የነበሩትስ?

አበጀ፦ የማይሰማ አልነበረም። ጥሩምባ ነፊውም ተነሥቶ መጣና ልንፋ ወይ አለኝ።

እናኑ፦ ምን አልከው?

አበጀ፦ ዕድሩ የመንደሩ ነው፣ ማዶ ከመንደሩ አይደለም፣ ቁጭ በል አልኩት። ቁጭ አለ።

እናኑ፦ ወንድሞቼ ከአገራቸው እስኪደርሱ ዘገየ ሁለት ቀን እዚህ ቤት ውስጥ ተኝቷል። ሙቀት ነበር። እኔና ልጄ በየተራ ዝንብ ስንከላከል ዋልን፣ አደርን። ሌላውን አልነግርህም፤ የእሱን ክብር ላንተ አላወርድም። ግን እስከ ዛሬ እህል አፌ ላይ ስይዝ የሚመጣብኝ ነገር አለ።

አበጀ፦ እናኑ…

እናኑ፦ እትዬው ቀረ? ጥሩ። በል አሁን ሌላ ወረቀት ጻፍ።

አበጀ፦ ምን ብዬ?

እናኑ፦ “ፈፋው ወሰናችን ነው ብለን የፈረምነው ውሸት ነው። እናኑ ባሏ ሲሞትባት አፋፉ ላይ ቆማ ጮኸች። ከእኛው ናትና ጩኸቷ ደርሶን ሰምተናል። ሰምተን አልተሻገርንም። በድለናታል።” ይኸው ነው። አርባ ዘጠኛችሁም ጣታችሁን ታሳርፋላችሁ። ሃምሳኛ ላይ እኔ አሳርፋለሁ።

አበጀ፦ አብደሻል? ውርደታችንን በገዛ እጃችን ጽፈን መንግሥት ቤት እናስቀምጥ?

እናኑ፦ የእኔን ስታስቀምጡ ፋይሉ አልጠበበም።

አበጀ፦ አይፈርሙም። እነ ቄስ ሞገስ ይፈርማሉ? እነ ውድነህ?

እናኑ፦ እንግዲያው የተበታተነ ሰፈራ ናችሁ። ባለሙያው አልተሳሳተም።

አበጀ፦ ዳኛው እኔ ነበርኩ። መጀመሪያ የሚጻፈው የእኔ ስም ነው የሚሆነው። ልጆቼ ያነቡታል።

እናኑ፦ ያንብቡት። ብርቄም ታንብበው።

አበጀ፦ ብርቄ ታውቃለች? ያን ቁጭ በል ያልኩትን?

እናኑ፦ ከእኔ አልሰማችም። ከዛሬ ወዲህ ግን ከጠየቀችኝ እነግራታለሁ።

አበጀ፦ …ለቀትር ብዙም አልቀረም።

እናኑ፦ ቶሎ ብትጀምር ትደርሳለህ። የወረቀትህ ጀርባ ባዶ ነው።

አበጀ፦ ሌላ ቃል ይሁን። በድለናታል ከሚል፣ አጥፍተናል ቢባል።

እናኑ፦ በድለናታል።

አበጀ፦ በድለናታል። እሺ። የጮኽሽበት ቀንም ይግባ፤ ያለ ቀን አይቀበሉም። ስንት ቀን ነበር?

እናኑ፦ ግንቦት አንድ፣ ልደታ። መንደሩ ሁሉ ዋንዛው ሥር አንድ ላይ ተቀምጦ ንፍሮ እየበላ ነበር።