አማርኛ የጠፋበት ባለሱቅ

በእኛ ጊዜ፣ በጃንሆይ ዘመን፣ ድሬ፣ መጋላ ሰፈር ውስጥ ሰው ሲጣላ ሽማግሌ ነበር የሚጠራው፤ ፍርድ ቤት የሚሄድማ የመረረው ነው። ይህን ያጫወተችኝ ራሷ ዘሃራ ናት፣ ሳምቡሳ ጠባሿ፤ የችሎቱን ግን እኔም አብሬያት ሄጄ በዓይኔ አይቻለሁ።

ዘሃራ ባሏ ሞቶባት ልጆች ታሳድጋለች። ቤቷ ከባለሱቁ ከአብዱላሂ ጀርባ ነው። የምድር ባቡር ሠራተኞች ከሥራ ሲወጡ በጠባቧ መተላለፊያ እየገቡ ሳምቡሳዋን ይበሉላት ነበር። ታዲያ አብዱላሂ አንድ ቀን ተነሥቶ መተላለፊያዋን በቆርቆሮ አጠረው! "ዕቃ ማስቀመጫ ጠበበኝ" አለ። እሷ በደቻቱ ወንዝ አሸዋ ዞራ ትግባ፤ ደንበኛስ ማን ዞሮ ይመጣል? ሳምቡሳው ትሪው ላይ ይደርቅ ጀመር። እና ከሰሰችው፣ ተፈረደላት፣ "አጥሩን አፍርስ" ተባለ። እሱ ምን አደረገ? በላዩ ሌላ ቆርቆሮ ደረበበት! ደረበበት እናንተዬ!

ታዲያ "ትእዛዝ ንቋል" ብላ ዳግመኛ አመለከተች።

አሁን ስሙኝ። አብዱላሂ ማለት ለከዚራ ሰፈር ሹማምንት ሚስቶች "እሜቴ፣ እርስዎ ሲገቡ ሱቄ ይበራል" የሚል አፈ ማር ነው። የዚያን ቀን ግን ሱማሊኛ ብቻ! አማርኛ ጠፋበት። አስተርጓሚ ተጠራ፣ ሮብሌ የሚባል የሰፈራችን ሰው።

ዳኛው ከደጋ የመጡ ኮስታራ ናቸው። "ለምን አላፈረስክም?" አሉ።

"ጌታዬ፣ 'አማርኛ አልሰማም፤ አጥሩን አጠንክር የተባልኩ መስሎኝ ነው' ይላል" አለ ሮብሌ።

ዘሃራ ጎኔን ቆነጠጠችኝ። "ወላሂ ሊያመልጥ ነው!"

ሮብሌ ቀጠለ፤ ያው እንደ ድሬ ሰው ነው፣ እኛ መቼ አንቱ እናውቃለን፣ ትንሹም ትልቁም አንተ ነው፤ እና "'አንተ ያዘዝከው አልገባኝም፣ አንተን ንቄ አይደለም፣ ማረኝ' ይላል" አለ።

የዳኛው ፊት ጠቆረ። "ማንን ነው አንተ የሚለው?"

አብዱላሂ ዘሎ ተነሣ። "ኧረ ክቡርነትዎ! እኔ 'እርስዎ ያዘዙት' ነው ያልኩት! ይኼ ሰውዬ አማርኛ አያውቅም አቦ!"

ሮብሌ ወደ ዳኛው ዞረና፣ "ይኼንንም ልተርጉምልህ?" አላቸው።

ወይ ሳቅ! ዳኛው ራሳቸው አፋቸውን በእጃቸው ሸፈኑ። ከዚያ ኮስተር ብለው፣ "አማርኛህ ከእኔም ይሻላል። እንግዲያው በአማርኛ ስማኝ፤ ጀምበር ሳትጠልቅ አጥሩን በገዛ እጅህ ታወርዳለህ፤ አለዚያ ፍርድ ቤት በመድፈር ትታሰራለህ። ገባህ?" አሉት።

"በሚገባ፣ ክቡርነትዎ።"

ያንኑ ቀን አመሻሹ ላይ ሚስማር ሲነቅል፣ ላቡ ሲንጠባጠብ፣ ሰፈሩ ሙሉ ከቦታል። እኔ ነኝ የጀመርኩት፣ "እርስዎ፣ ያቺ ሚስማር ቀረችብዎ!" አልኩት፤ ሁሉም ተቀበለኝ፣ "እርስዎ፣ በርታ ይበሉ! እርስዎ፣ እንዳይወጋዎት!" የመጨረሻው ቆርቆሮ ሲወድቅ እልልታችን ባቡር ጣቢያው ድረስ ተሰማ። የባቡር ሠራተኞቹም ግር ብለው ገቡ። ዘሃራ ትኩሱን ሳምቡሳ አነሣችና፣ መጀመሪያ ለማን ሰጠች? ለራሱ ለአብዱላሂ! "እንካ ብላ፣ አንተ!" አለችው።

ዳኛው ሌላ አገር ተዛወሩ። ሮብሌ ማስተርጎም ትቶ ምድር ባቡር ተቀጠረ። ዘሃራ በዚያችው መተላለፊያ ሳምቡሳ እየሸጠች ልጆቿን ሁሉ ዳረች። አብዱላሂ አርጅቶ ሞተ፤ በሰፈራችን "እርስዎ" እየተባለ ኖሮ የተቀበረ እሱ ብቻ ነው።