ልጄ ያልሠራችው መንፈስ

ክንድሽን ዘርጊ እስቲ፣ እህትዓለም። ወገቡ ላይ ትንሽ ላስፋልሽ? ዘንድሮ ተመችቶሻል፣ ከዓይን ያውጣሽ... ወንድም ጋሼ፣ አንተ ቁጭ ብለህ ስልክህን እይ፤ የሚስትህ ቀሚስ አሁን ያልቃል። እኛ የሴት ወሬ ነው የምናወራው።

ምን እያልኩሽ ነበር? አዎ፣ የልጄ ፊልም። ፍርሃቴን መቼም ታውቂዋለሽ፤ መብራት ሲጠፋ መቀሴን ጨብጬ የምቆም ሴት ነኝ። ልጅት ደግሞ ከሥራ ሁሉ መርጣ አስፈሪ ፊልም ሠራች። ፈሪ ለእናቱ ይባላል፤ እናትየዋ ራሷ ፈሪ ስትሆንስ ለማን ነው? ትኬት ቆርጬ ገባሁልሽ፣ ሻርፔን ዓይኔ ላይ ጠምጥሜ ጩኸቱን ብቻ ሰምቼ ወጣሁ። ከፍሎ ጨለማ የሚያይ ጅል ከኔ ሌላ ያለ አይመስለኝም።

አንድ ዘመዳችን ግን አለ... ብልህ ነው። ከኔ ቀድሞ አይቶታል። በየት በኩል ገባ እንዳትዪኝ፤ ፊልም በነጻ ከሚበትኑት ሳይቶች ባንዱ ነው። ፍቅር ሰልፍ ይጠብቃል እንዴ? ደግሞስ ከዘመድህ ጋር ብላ ጠጣ እንጂ አትነግድ ይባል የለ? ትኬት ያልገዛው ተረቱን አክብሮ ይሆናል።

ታዲያ ባለፈው ምሳ ላይ፣ ሁላችን በተሰበሰብንበት፣ ልጄን ሲያሞግሳት... «ያ መሃል ላይ ከታች ብቅ ብሎ ስክሪኑን የሚሸፍነው ጥቁር መንፈስ፣ እሱን ሳይ ከሶፋው ወደቅኩ» አላት። አንቺም ነበርሽ አይደል? እኔ ጅሏ፣ ሻርፕ ተሸፍኜ አምልጦኝ ነው ብዬ አፈርኩ። ቤቴ ገብቼ በስልኬ በሕጋዊው መንገድ እንደገና ከፈልኩ፤ ዓይኔን አፍጥጬ መንፈሱን ጠበቅኩት። የለም። ልጄን ብጠይቃት ምን ብትለኝ ጥሩ ነው? «እማዬ፣ እኔ እንደዚያ ያለ መንፈስ አልሠራሁም። አንዱ ሲኒማ ቤት ተደብቆ በስልክ ሲቀርጸው፣ ከፊቱ የተቀመጠው ሰውዬ ሽንት ቤት ሊሄድ ተነስቶ ነው።» እኔ በሳቅ ሞትኩ። እሷ ግን አልሳቀችም።

ሲኒማ ቤቱ ወንበሩ ባዶ ነው ብሎ ፊልሟን ማሳየት አቆመ። ሰው ሁሉ በነጻ ካየው ማን ይገባል? ሁለተኛውን ፊልም የሚያሠራት አጣች፤ ዛሬ ጠዋት የቢሮ ሥራ ልትጠይቅ ሄደች። ምን ልበልሽ። በዘመዳችን ግን አይፈረድም... ወድዶላታል እኮ። አገር ምድሩ ፊት አሞግሷታል። እኔ እናቷ፣ ዓይኔን ከመሸፈን ሌላ ምን አደረግኩላት?

ዙሪ እስቲ። አቤት ሲያምርብሽ... በሉ አሜን በሉ። ፈጣሪ ልጆቻችሁን ያሳድግላችሁ። በገዛ እጃቸው አንድ ነገር ሠርተው ለማየት ያብቃችሁ። ያን ቀን፣ የኔ ልጅ ሥራ እንደተወደደላት አድርጎ ሥራቸውን የሚወድላቸው ዘመድ አይጡ... ወንድም ጋሼ፣ ዛሬ ደግሞ ከወንበሩ እንዳትወድቅብኝ፤ አንተም አሜን በላ።